«እኔ ሰማዕቱ» ሦስት ጊዜ

አንድ ዓረፍተ ነገር ከሰማሁት ጀምሮ አልለቅ ብሎኛል። «እኔ ሰማዕቱ ጓድ ጀማል ሳቲ» ይላል። ተናጋሪው ይህን ሲል በሕይወት ነበር፤ ካሜራ ፊት ሆኖ በገዛ አፉ ነው ያለው። ሰማዕት የሚባለው ግን የሞተ ሰው ነው። ታዲያ በዚያች ሰዓት «እኔ» ያለው ማነው? የባሰው ደግሞ አንድ ጊዜ ብሎ አለማብቃቱ ነው፤ ቃሉን ሦስት ጊዜ አስቀርጿል። ሞት አይደገምም። ስለ ሞት የሚነገር ቃል ግን፣ ምላሱ እንደተሳሰረ ዜና አንባቢ ንባብ፣ «እስቲ ከመጀመሪያው» ተብሎ ይደገማል። ተደግሟልም።

ሳቲ የሊባኖስ ኮሚኒስት ፓርቲ አባል ነበር። ደቡብ ሊባኖስን የያዘውን የእስራኤል ጦር በሚዋጋው የብሔራዊ ተቃውሞ ግንባር ውስጥ ተሰልፎ፣ እ.ኤ.አ. ኦገስት 6 ቀን 1985 (በእኛ ሐምሌ 30 ቀን 1977) ሐስባያ ወደሚገኘው የጦሩ ይዞታ በጋማ ከብት ፈንጂ ጭኖ ሄደ። አልተመለሰም። ከመሄዱ በፊት የተቀረጸው ቃሉ በሊባኖስ ቴሌቪዥን ተላለፈ። እንዲህ ያለው የስንብት ቀረጻ በዚያ ዓመት ለቤይሩት ሰው እንግዳ አልነበረም፤ ከአራት ወር በፊት ሰናእ ሙሐይድሊ የተባለች የሌላ ፓርቲ ወጣት በተመሳሳይ መንገድ ራሷን «ሰማዕቷ» ብላ ተሰናብታ ነበር። ሕዝቡ በዜና ሰዓት ያየው ግን ከሳቲ ሦስት ቀረጻዎች አንዱን ብቻ ነው። ሁለቱ ከጥሬው ካሴት ጋር መደርደሪያ ላይ ቀሩ።

ከዓመታት በኋላ ያ ካሴት የቴአትር ሰው የሆነው ራቢ ምሩዌ እጅ ገባ። እሱና ደራሲው ኤልያስ ኹሪ ከካሴቱ «ሦስት ፖስተሮች» የተባለ የክዋኔ ጥበብ ሥራ ሠርተው እ.ኤ.አ. በ2000 ቤይሩት ውስጥ በአይሉል ፌስቲቫል አቀረቡት። በድሮ የቴሌቪዥን ምስል ማንነትን የሚመረምሩ ሥራዎች በየአገሩ ሞልተዋል። አብዛኞቹ የድሮ ምስል ግድግዳ ላይ ይለቁና አንድ ሰው ፊቱ ቆሞ እንዲተክዝ ያደርጋሉ። ይህኛው ግን አንድ በር አለው። ስለ በሩ ነው መጻፍ የፈለግሁት።

በሩ

ሥራው ሲጀመር ተመልካቹ ፊት የሚታየው ስክሪን ብቻ ነው። በስክሪኑ አንድ ተዋጊ «እኔ ሰማዕቱ ጓድ ኻሊድ ረሓል» ብሎ ቃሉን ይሰጣል። ይደግመዋል። ይሠልሰዋል። ስሙ የፈጠራ ነው፤ አነጋገሩና አቀራረቡ ግን የቤይሩት ሰው በዜና ሰዓት ሲያየው የኖረው ነው። ስለዚህ ተመልካቹ ለመፍረድ ጊዜ አይፈጅበትም፤ የቆየ ካሴት ነው፣ ሰውየውም ሞቷል። ከዚያ ከስክሪኑ አጠገብ ያለ በር ይከፈታል። ሰውየው እዚያው አለ። ምሩዌ ራሱ ነው፤ ካሜራው ፊት ሆኖ ሲናገር የነበረው በዚያችው ደቂቃ፣ ከግድግዳው በስተጀርባ ነው።

ይህን አይቶ «ቴሌቪዥን ይዋሻል ማለቱ ነው» የሚል ሰው አይጠፋም። ለእኔ ይህ የሰነፍ ንባብ ነው። ስክሪኑ ምን ዋሸ? ፊቱ የእሱ ፊት ነው፣ ድምፁ የእሱ ድምፅ ነው፣ ቃሉንም በትክክል ብሏል። ሐሰት የሆነው ጊዜው ብቻ ነው፤ እሱንም ያመጣው ተመልካቹ ነው። «ሞቷል» ብሎ የፈረደው ማንም ሳይነግረው ነው። በሩ ሲከፈት የሚጋለጠው ከተዋናዩ ይልቅ ወንበር ላይ የተቀመጠው ሰው ነው። ፊት ለፊቱ ያለን ሕያው ሰው ቀብሮ ጨርሷል።

ቀጥሎ የሚመጣው የሳቲ ካሴት ነው፤ እውነተኛው። ሦስቱም ቀረጻዎች ሳይቆራረጡ ይታያሉ። እዚህ ላይ የቅደም ተከተሉን ብልሃት ልብ በሉ። አሁን ተመልካቹ የበሩን ነገር ያውቃል። ዓይኑ ወደ ግድግዳው ይሄዳል፤ «ይኸኛውስ ከየት ይወጣ ይሆን?» ይላል። በር የለም። የሚከፈት ነገር የለም። አንድን የሞተ ሰው በምስል ማየት የለመድነው ነገር ነው። ከፍተን ልናገኘው እንደምንችል ተስፋ ካደረግን በኋላ አለመኖሩን ማየት ግን ሌላ ነው። ቅደም ተከተሉ ቢገለበጥ፣ መጀመሪያ ሳቲ ቀጥሎ ተዋናዩ ቢመጣ፣ ሥራው በሟች ላይ ማሾፍ ይሆን ነበር። በሦስተኛው ክፍል የፓርቲው ፖለቲከኛ በቪዲዮ ቃለ ምልልስ ይናገራል። ያ ክፍል ለክርክሩ ያስፈልጋል፤ እኔን የሚይዘኝ ግን በበሩና በካሴቱ መካከል ያለው ክፍተት ነው።

ግድግዳ፣ ሽቦ፣ ድምፅ

ይህን መሰል ሥራ የሚያስቡ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ የሚጨነቁት ስለ ምስሉ ነው። የሚያጋልጠው ግን ድምፅ ነው። ምክንያቱን በቁጥር ማየት ይቻላል። የድሮ ካሜራ በአንድ ሽቦ በቀጥታ ከድሮ ባለ ቱቦ ቴሌቪዥን ጋር ሲያያዝ ምስሉ የሚዘገየው ከቁጥር በማይገባ ልክ ነው። የዛሬው ዲጂታል ሰንሰለት እንደዚያ አይደለም። ካሜራው አንድ ሁለት ፍሬም (ነጠላ ምስል) ይይዛል፣ ማቀያየሪያው አንድ ይጨምራል፣ ፕሮጀክተሩም የራሱን ያክላል። በሰከንድ 25 ፍሬም በሚሄድ ምስል አንድ ፍሬም 40 ሚሊ ሰከንድ ነው። አራት አምስት ፍሬም ከተጠራቀመ ምስሉ ከ160 እስከ 200 ሚሊ ሰከንድ ዘገየ ማለት ነው።

ድምፅ በአየር ላይ አንድ ሜትር ለመጓዝ የሚፈጀው 3 ሚሊ ሰከንድ ያህል ነው። ተዋናዩ ከተመልካቹ በ5 ሜትር ርቀት ከግድግዳ ጀርባ ቢሆን፣ በግድግዳው ሾልኮ የሚወጣው ድምፁ በ15 ሚሊ ሰከንድ ይደርሳል፤ ከንፈሩ ግን ገና አልተንቀሳቀሰም። ተመልካች ይህን ቁጭ ብሎ አያሰላም። ጆሮው ግን ያውቃል፤ «የሆነ ነገር አለ» ይላል። በሩም ሳይከፈት ተከፍቶ ያድራል።

መፍትሔው ሁለት ነው። አንደኛው በድምፅ ማጉያው የሚወጣውን ድምፅ ከምስሉ እኩል ማዘግየትና የግድግዳውን ክፍተት መድፈን ነው። በሁለት ጂፕሰም ቦርድ መካከል የድምፅ መምጠጫ መጠቅጠቅ ይረዳል፤ ብርድ ልብስ መስቀል ብቻውን ቀጭኑን ድምፅ እንጂ ወፍራሙን አያስቀርም፤ የወንድ ድምፅ ደግሞ ጉልበቱ ወፍራሙ ላይ ነው። ሁለተኛው ዘዴ ቀላልና ርካሽ ነው፤ ዲጂታሉን ሰንሰለት ትቶ የድሮ ካሜራና የድሮ ቴሌቪዥን መፈለግ። ከሁለቱም ጋር፣ ተመልካች ወደ አዳራሹ ከመግባቱ በፊት ጀምሮ በማጉያው ዝቅ ያለ የካሴት ሹክሹክታ መልቀቅ ትንንሽ ሹልክታዎችን ይሸፍናል። ተዋናዩ መናገር ሲጀምር ብቻ ከለቀቃችሁት ግን ያው ራሱ ያጋልጣችኋል።

ሌላው ጣጣ በሩ በሚከፈትባት ሰከንድ ይመጣል። በሩ እንደተከፈተ ማይኩ ማጉያውን መስማት ይጀምራል፤ ድምፁ ዞሮ ዞሮ ይገባና ጆሮ የሚበጣ ፉጨት ይሆናል። በወራት ልምምድ የተሠራች ቅጽበት በአንድ ፉጨት ትሞታለች። ማይኩን ተዋናዩ ደረት ላይ፣ ከአፉ 20 ሴንቲ ሜትር ያህል ዝቅ አድርጎ ማሰርና ማጉያዎቹን ከበሩ አፍ ወደ ፊት አስቀድሞ ወደ ተመልካቹ ማዞር ግማሹን ይፈታዋል። ቀሪው የድምፅ ሠራተኛው እጅ ላይ ነው፤ በሩ ሲንቀሳቀስ የማይኩን ድምፅ መቆጣጠሪያ አብሮ ዝቅ ማድረግ አለበት። ሙሉ በሙሉ ይዝጋው ወይስ ዝቅ አድርጎ ይተወው የሚለው የሙያ ጥያቄ ብቻ አይደለም። ከዘጋው ድምፁ ከስክሪኑ ወጥቶ ወደ ሰውየው ይሄዳል፤ ስክሪኑ አፉ የሚንቀሳቀስ ድዳ ይሆናል። ከተወው አንድ ሰው በሁለት ቦታ ይናገራል። እኔ ብሆን እዘጋዋለሁ።

ብርሃንም ይሾልካል። ከበሩ ሥር አንድ ሴንቲ ሜትር ክፍተት ካለ በጨለማ አዳራሽ ውስጥ መሬት ላይ የተዘረጋ ነጭ መስመር ይታያል፤ ጥቁር ፌልት ጨርቅ መለጠፍ ግድ ነው። የካሜራውን የብርሃን፣ የቀለምና የትኩረት ማስተካከያ ሁሉ ከአውቶማቲክ አውጥታችሁ በእጅ ቆልፉ፤ አለበለዚያ በሩ ሲከፈት ካሜራው ደንግጦ ራሱን ሲያስተካክል ምስሉ ይተነፍሳል። የበሩን ማጠፊያ ዘይት ቀቡት የሚሉ አሉ። ሲጥ ቢል ግን ምን ክፋት አለው? በር መሆኑ ይታወቅ።

ምስሉን የድሮ ለማስመሰል በኮምፒውተር ጭረትና በረዶ የሚጨምሩትን ግን አልወድላቸውም። ጭረቱ በየአራት ሰከንዱ ተመልሶ ይመጣል፤ በእያንዳንዱ የሐሰት ካሴት ላይ ያው ጭረት ነው። እ.ኤ.አ. በ1985 የመስክ ካሜራዎች ገና ብዙዎቹ ባለ ቱቦ ነበሩ። የእነሱ ምልክት ጭረት አይደለም፤ የሚያበራ ነገር ሲንቀሳቀስ ጅራት ይጎትታል፣ ከፊት ላይ የሚነሳ ንጣትም ቶሎ አይጠፋም። ይህን የሚያመጣው ያው ካሜራ ራሱ ነው። ካልተገኘ ምንም ባትጨምሩ ይሻላል። ስፋቱ 4 ለ 3 የሆነ ስክሪን፣ የማይነቃነቅ ካሜራ፣ ከጀርባ ግድግዳ። ተመልካቹ ቀሪውን ራሱ ያረጀዋል።

ሟች ከቤቱ ወጣ

ወደ ዓረፍተ ነገሩ ልመለስ። ሳቲ በዓረብኛ ያለው «ሸሂድ» ነው፤ ሥሩ ማየት፣ መገኘት፣ መመስከር ነው። የእኛም ሰማዕት ከዚያው ጎረቤት ነው፤ «ሰምዐ»፣ ሰማ። ስምዕ ምስክርነት ነው፣ ሰማዕትም ምስክር። ግሪኩም ያው ነው። በሦስቱም ቋንቋ ሞት ቃሉ ላይ በኋላ የተደረበ እንጂ ከሥሩ የበቀለ አይደለም። ከሥሩ ካየነው ሰማዕት መሆን የሚችለው ሕያው ብቻ ነው፤ ሙት አይመሰክርም። እንግዲያው «እኔ ሰማዕቱ» የሚለው በሰዋስው ደንብ የተሳሳተ አይደለም ማለት ነው። ግማሹ ቃል አሁን ይናገራል፣ ግማሹ ነገን ይጠብቃል።

አማርኛ ለዚህ ነገር የራሱ መንገድ አለው፤ ዕለት በዕለት ስለምንሰማው አናስተውለውም። የፍርድ ቤት መዝገብ ላይ «ሟች ከቀኑ 8 ሰዓት ገደማ ከቤቱ ወጥቶ…» ተብሎ ይጻፋል። ሟች ይወጣል፣ ሟች ቡና ይጠጣል፣ ሟች ከተከሳሽ ጋር ይጨቃጨቃል። ገና ያልሞተ ሰው ወደ ኋላ ተመልሶ ሟች ይባላል። ሰባኪው ደግሞ «ሰው ሟች ነው» ሲል ያንኑ ቃል ለሁላችንም ይሰጠናል። አንዱ ቃል የሞተውንም የሚሞተውንም ይይዛል። ሳቲ ያደረገው ይህን መዝገብ አስቀድሞ በራሱ እጅ መክፈት ነው። ልዩነቱ መዝገቡን ጸሐፊው ሳይሆን ሟቹ መጻፉ ነው።

ኑዛዜ ሲነበብ አራት ምስክር የሚጠራው ለዚህ ይመስለኛል። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በግልጽ የሚደረግ ኑዛዜ በተናዛዡና በአራት ምስክሮች ፊት ይነበብ ይላል። ተናዛዡ ሲሞት «እኔ» ያለው ሰው ይጠፋል፤ «እኔ» ሲል የሰሙት አራቱ ግን ይቀራሉ። ሳቲ ፊት የነበረው ምስክር ካሜራ ነው። ካሜራ ደግሞ ጥሩ ምስክር የሚመስለው ስለማይረሳ ነው፤ ግን የሰማውን ሁሉ አይናገርም። መራጭ አለው። ሦስት ሰምቶ አንድ ይመሰክራል።

«ከአፍ ከወጣ አፋፍ» ይባላል። ካሴት ይህን ተረት ያፈርሰዋል። ከአፍ የወጣውን ከአፋፍ መልሶ እንደገና ማውጣት ይቻላል። ምሩዌ በኋላ ሲያስረዳ ድግግሞሹን ሞትን እንደማዘግየት አድርጎ አይቶታል፤ አንድ ቀረጻ በተጨመረ ቁጥር ሰውየው የዚያችን ቀረጻ ያህል ይቆያል። ትክክል ነው፤ ግን ሌላም ነገር አለ እላለሁ። በሦስቱ ቀረጻዎች መካከል ያለው ልዩነት ትንሽ ነው። ትንሽ መሆኑ ነው የሚከብደው። ሰው የሚያምንበትን ነገር በተለያየ ቃል ይናገራል፤ ተለማምዶ የመጣውን ግን በአንድ ዓይነት ቃል። ይህ ሰው አምኖበት ነው፣ ተለማምዶም ነው። ሁለቱን መለየት አይቻልም፤ አንዱ ብቻ ቢታይ ጥያቄውም አይነሳም ነበር። «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» የሚለውን እዚህ ማምጣት ይከብደኛል። ሦስተኛው ከመጀመሪያው የጠራ ሊሆን ይችላል፤ የበለጠ እውነት ግን አይደለም።

ካሴቱን ስትገለብጡ

ይህ ሁሉ የሆነው አንድ ሰው ጥሬውን ካሴት ሳያጠፋው ስለቀረ ነው። በየቤቱ፣ በየቢሮው፣ በየማኅበሩ የተቀመጡ ካሴቶችን ወደ ኮምፒውተር የሚገለብጥ ሰው አሁን ብዙ ነው፤ በአዲስ አበባም በዋሽንግተንም። ብዙዎቹ አንድ ዓይነት ስህተት ይሠራሉ። ካሴቱን ያጫውታሉ፣ ምስሉ ሲጀምር መቅጃውን ይጫናሉ፣ ምስሉ ሲያልቅ ያጠፋሉ። «ዋናው» ተቀርጿል። ሰውየው ግን ቀርቷል።

ቅደም ተከተሉ መገልበጥ አለበት። መጀመሪያ ኮምፒውተሩ ይቅዳ፣ ከዚያ ዴኩ (የካሴት ማጫወቻው) ይጀምር። ካሴቱ እስከ መጨረሻዋ ጫፍ ድረስ ይሂድ፤ በረዶ ብቻ ቢያሳይም አታቁሙት። ብዙ ካሴት ተደጋግሞ የተቀዳበት ነው፤ አዲሱ ቀረጻ ከአሮጌው ካጠረ ከበረዶው በኋላ የአሮጌው ጅራት ብቅ ይላል። የሠርግ ካሴት መጨረሻ ላይ ስድስት ደቂቃ የማንም ያልጠበቀው ዜና የሚገኘው እንዲህ ነው።

ከዚያ በፊት ግን ካሴቱ ራሱ ይታይ። ቪኤችኤስ ከሆነ ከኋላ ጠርዙ ያለችው ትንሽ ፕላስቲክ ተሰብራ መውጣት አለባት፤ የጣቢያዎቹ የድሮ ካሴት ዩ-ማቲክ ከሆነ ከሥሩ ያለችው ቀይ ቁልፍ። ይህ ካልተደረገ አንድ የተሳሳተ ጣት ሁሉንም ያጠፋዋል። በመስኮቱ በኩል ጥቅልሉ ላይ ነጭ ዱቄት የመሰለ ነገር ካለ ሻጋታ ነው፤ ዴክ ውስጥ አታስገቡት፤ ካሴቱን የሚያነበውን የዴኩን ጭንቅላት አበላሽቶ ቀጥሎ የሚገባውንም ካሴት ይበክላል። ሲሽከረከር የሚያቃስት ካሴት ደግሞ ማጣበቂያው እርጥበት ስቦ ሟሙቷል ማለት ነው። ባለሙያዎች 50 ዲግሪ ሴልሺየስ ገደማ በሆነ፣ ሙቀቱ በማይዋዥቅ ማድረቂያ ውስጥ ለ8 ሰዓትና ከዚያ በላይ ያቆዩትና አቀዝቅዘው ይገለብጡታል። የወጥ ቤት ምድጃ ለዚህ አይሆንም፤ ሙቀቱ ይዋዥቃል፣ ቅርፊቱም ይጣመማል። የደረቀውም ካሴት የሚሰጣችሁ የጥቂት ሳምንት ዕድሜ ነው፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ ካልተገለበጠ ተመልሶ ይሟሟል።

ከቀዝቃዛ ክፍል የመጣ ካሴት አንድ ቀን ሙሉ በሚገለበጥበት ክፍል ይደር። ከዚያ እስከ ጫፍ ወደ ፊት፣ እስከ ጫፍ ወደ ኋላ ይጠቅለል፤ ለዓመታት አንድ ቦታ የቆመ ጥቅልል ላልቶ ይሆናል። ምስሉ ሲጫወት የሚወዛወዘው መስመሮቹ በእኩል ጊዜ ስለማይደርሱ ነው፤ ለዚህ ጊዜ አስተካካይ መሣሪያ በዴኩና በኮምፒውተሩ መካከል ይገባል። ቀለም ጠፍቶ ጥቁርና ነጭ ከሆነባችሁ ካሴቱ ተበላሽቷል ብላችሁ አትጣሉት። ሴካምና ፓል የተለያዩ የቀለም ቴሌቪዥን ሥርዓቶች ናቸው፤ ሴካም ካሴት የፓል ብቻ በሆነ ዴክ ሲጫወት እንዲህ ያደርጋል፤ ከሌላ አገር ለመጣ ካሴት መጀመሪያ የሚጠረጠረው ይህ ነው።

ፋይሉ ሳይጨመቅ ከተቀዳ በሰዓት 100 ጊጋ ባይት ገደማ ይፈጃል። ኤፍኤፍቪ1 በሚባለው መንገድ ምስሉ ምንም ሳይጎድል ከግማሽ በታች ሊወርድ ይችላል። እያንዳንዱን ፍሬም የሚሠሩትን በየተራ የተጠላለፉ መስመሮች በዋናው ቅጂ ላይ አታዋህዱ፤ አንዴ ከተዋሃዱ አይመለሱም። ከሥር የሚታየውን የተቀደደ መስመርም አትቁረጡት። ያስጠላል፤ ግን ካሴቱ ካሴት መሆኑን የሚናገረው እሱ ነው። ከተቀዳ በኋላ ሦስት ቅጂ፣ አንዱ ሌላ ሕንጻ ውስጥ።

በሁለት ቀረጻ መካከል ያለው መገጣጠሚያ ብቻውን ብዙ ይናገራል። ምስሉ ሳይናወጥ ሰውየው ተንፍሶ እንደገና ከጀመረ ካሜራው አልቆመም፤ ከካሜራው ጀርባ ያለው ሰው ዝም ብሎ ጠብቆታል። ምስሉ ከተንሸራተተና ከተገለበጠ ግን ካሜራው ጠፍቶ ተከፍቷል፤ በመካከል አንድ ነገር ተባብለዋል። ብዙዎቹ የእጅ ካሜራዎች ደግሞ ሲያቆሟቸው መገጣጠሚያው እንዲያምር ካሴቱን ትንሽ ወደ ኋላ ይመልሱና ከዚያ ላይ ይጀምራሉ። አዲሱ ቀረጻ የአሮጌውን የመጨረሻ ፍሬሞች ይበላል። ማለትም ሰውየው ተናግሮ ከጨረሰ በኋላ ያለችውን፣ ፊቱ ከተሰጠው ቃል ወጥቶ ወደ ራሱ የሚመለስባትን ቅጽበት መጀመሪያ የሚያጠፋት ማሽኑ ራሱ ነው። ከማሽኑ የተረፈውን ደግሞ ገልባጩ ይቆርጠዋል።

የማን ካሴት ነው?

የሳቲ ጥሬ ካሴት ለሕዝብ ተብሎ የተቀረጸ አልነበረም። ለሕዝብ የታሰበው አንዱ ቀረጻ ብቻ ነው። እሱ ራሱ ሁለቱ እንዲቀሩ ፈልጎ ነበር፤ ወይም ቢያንስ የሚቀሩ መሆናቸውን እያወቀ ነው የተናገረው። ታዲያ አንድ ሰው መርጦ የሰጠንን ፊት ትተን የተወውን ማሳየት መብታችን ነው? ምሩዌም ኹሪም ከዚህ ጥያቄ አልሸሹም። እኔ እንደሚመስለኝ በሩ ባይኖር ኖሮ መልሱ «አይደለም» ይሆን ነበር። ተዋናዩ መጀመሪያ ራሱን በዚያ ወንበር አስቀምጦ ራሱን ስላጋለጠ ነው ሥራው በእግሩ የሚቆመው። «በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት» ቀላል ነው።

ይህን መሰል ሥራ ለሚያስብ ሰው ፈቃዱ አንድ ሳይሆን ሦስት ነው። ካሴቱን የያዘው፣ የቀረጻው መብት ባለቤትና የሚታየው ሰው ወይም ቤተሰቡ። ብዙውን ጊዜ ከጣቢያው ደብዳቤ ሲገኝ ሁሉ ነገር እንዳለቀ ይቆጠራል፤ አላለቀም። ቤተሰቡ ማየት ያለበት የተመረጠውን ቁራጭ ሳይሆን ሙሉውን ጥሬ ነው፤ ያም ልምምድ ከመጀመሩ በፊት እንጂ አዳራሹ ከተከራየና ፖስተሩ ከታተመ በኋላ መሆን የለበትም፤ ያኔማ «አይሆንም» ማለት አይቻላቸውም። ስንት ጊዜ፣ የትና እንዴት እንደሚታይ፣ ኢንተርኔት ላይ እንደማይወጣ፣ ሐሳባቸውን ቢቀይሩ ምን እንደሚደረግ በጽሑፍ ይቀመጥ።

የእኛን አገር ሳስብ ቶሎ የሚመጣልኝ የ1977ቱ የኮረም የረሃብ ምስል ነው። መሐመድ አሚን ቀርጾት ቢቢሲ እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 23 ቀን 1984 ካስተላለፈው ጀምሮ ሲደጋገም የኖረ ነው። በሚደጋገመው ቁራጭ ውስጥ ፊቶቹ ስም የላቸውም። ሳቲ ስሙን ሦስት ጊዜ ተናገረ፤ እነዚያ አንድ ጊዜም አልተናገሩም። እዚያ ምስል ፊት ቆሞ የሚሠራ የክዋኔ ሰው በሩን የት ላይ ሊከፍት ነው? ከካሜራው ጀርባ ይሆን? ይህን ገና እያሰላሰልኩት ነው።

«ሦስት ፖስተሮች» ለጥቂት ዓመታት በየአገሩ ከታየ በኋላ ሁለቱ ሰዎች ማሳየቱን አቆሙ። ከሴፕቴምበር 11 ቀን 2001 በኋላ የሌላ አገር ተመልካች ኮሚኒስቱን ተዋጊ አይቶ ሌላ ሰው ያስብ ጀመር፤ በሩ ቢከፈትም ተመልካቹ ይዞት የመጣውን ሰው ነው የሚያየው። እ.ኤ.አ. በ2004 ምሩዌ «ስለ ሦስት ፖስተሮች» የተባለ ቪዲዮ ሠራ። ብቻውን ሆኖ፣ ካሜራውን ፊት ለፊት እያየ፣ ሥራው እንዴት እንደተሠራና ለምን እንደቆመ ያስረዳል። በሩ አይከፈትም። የምናየውም አንድ ቀረጻ ብቻ ነው።